ጄኔሬቲቭ ኤአይ መተግበሪያን በፓይተን የሚያስተምር የቪዲዮ ኮርስ፦ ግምገማ

ይህን ኮርስ ከመጀመሪያው ቪዲዮ እስከ መጨረሻው ተከታትዬ፣ ልምምዶቹንም አንድ በአንድ ሠርቼ ጨርሻለሁ። የፓይተንን ፈንክሽን፣ ሊስትና ዲክሽነሪ የሚያውቅ ሰው ሳይቸገር ይከተለዋል፤ ኮድ ጽፎ የማያውቅ ግን አስቀድሞ ቋንቋውን መማር አለበት።

ከሁሉ በላይ የወደድኩት አጀማመሩን ነው። ብዙ ትምህርቶች ገና በመግቢያው ላንግቼይን የተባለውን ላይብረሪ (ተዘጋጅቶ የተቀመጠ የኮድ ስብስብ) አስጭነው፣ ተማሪው ምን እንደሠራ ሳይገባው ከሰው ጋር የሚያወራ መተግበሪያ እጁ ላይ ያስቀምጡለታል። ይህ ኮርስ ግን ከእንዲህ ዓይነቱ ላይብረሪ በፊት ለሞዴሉ፣ ማለትም መልሱን ለሚያመነጨው ኤአይ፣ በቀጥታ ጥያቄ መላክን ያስተምራል። ሞዴሉ ካለፈው ጥሪ በራሱ የሚያስታውሰው ነገር እንደሌለ፣ ንግግሩ እንዲቀጥል ከተፈለገም የቀደሙት መልእክቶች በየጊዜው አብረው መላክ እንዳለባቸው የተረዳሁት ኮዱን በእጄ ስጽፍ ነው። በአንድ ጥሪ ስሜን ነገርኩት፤ በሌላ ጥሪ «ስሜ ማን ነው?» ብዬ ስጠይቀው እንደማያውቅ መለሰልኝ። የመጀመሪያውን መልእክት ከነመልሱ ወደ መልእክቶቹ ሊስት ጨምሬ ስልክለት ግን ስሜን በትክክል ጠራ። የኤፒአይ ቁልፍን (ሞዴሉን ለመጥራት የሚያስፈልገውን ምስጢራዊ ኮድ) ፕሮግራሙ ውስጥ ከመጻፍ ይልቅ በኢንቫይሮመንት ቫሪያብል (ከፕሮግራሙ ውጭ በሚያዝ ቅንብር) ማስቀመጥ እንደሚገባም በጊዜው ተነግሯል።

ስለ ቶክን፣ ማለትም ሞዴሉ ጽሑፍን ከፋፍሎ ስለሚያነብባቸው ቁራጮች፣ የሚያስረዳው ክፍል ጥሩ ቢሆንም ምሳሌዎቹ በሙሉ በእንግሊዝኛ ናቸው፤ በአማርኛ የሚሠራ ሰው የራሱን ልኬት ቢወስድ ይጠቀማል። «ሰላም» የሚለውን ቃል ፓይተን 3 ፊደል ብሎ ይቆጥረዋል፤ ወደ ዩቲኤፍ-8 (ፊደላትን በባይት ወደሚጽፍ ሥርዓት) ሲለወጥ ግን እያንዳንዱ የግእዝ ፊደል 3 ባይት ስለሚይዝ 9 ባይት ይሆናል። ብዙ ቶክናይዘሮች (ጽሑፍን ወደ ቶክን የሚከፋፍሉ ፕሮግራሞች) ደግሞ በብዛት የተማሩት ከእንግሊዝኛ ጽሑፍ በመሆኑ የአማርኛን ቃል ወደ ትንንሽ ቁራጮች ይበታትኑታል። ክፍያው በቶክን ስለሚታሰብና ሞዴሉ በአንድ ጊዜ የሚቀበለው የጽሑፍ መጠንም በቶክን ስለሚለካ፣ ይህ ልዩነት ወጪንም አሠራርንም ይነካል።

የኮርሱ ልብ ግን ሞዴሉ ከተሰጠው ሰነድ ላይ ተነሥቶ እንዲመልስ የሚያደርገው ክፍል ነው። ሰነዱ ይቆራረጣል፣ እያንዳንዱ ቁራጭ ወደ ቬክተር (ትርጉሙን ወደሚወክሉ የቁጥሮች ዝርዝር) ይለወጣል፣ ከጥያቄው ጋር በትርጉም የሚቀራረቡት ተፈልገው ከጥያቄው ጋር አብረው ለሞዴሉ ይላካሉ። እኔ የአንድ ዕቃ መመሪያ ሰጥቼው በየ500 ፊደሉ ስቆርጠው፣ «ዋስትናው ለሁለት ዓመት ይቆያል» የሚለው ዓረፍተ ነገር በአንድ ቁራጭ፣ «ባትሪውን ግን አይጨምርም» የሚለው በቀጣዩ ውስጥ ገባ። ስለ ባትሪው ስጠይቅ ፍለጋው ያመጣው የመጀመሪያውን ብቻ ስለነበር፣ ሞዴሉ በሙሉ ልብ የተሳሳተ መልስ ሰጠኝ። አስተማሪው ደጋግሞ እንደሚመክረው ሞዴሉን ከመውቀሴ በፊት ተፈልገው የመጡትን ቁራጮች ስክሪን ላይ አውጥቼ ባላይ ኖሮ ስህተቱ የአቆራረጤ መሆኑን አላውቅም ነበር። በአንቀጽ ስቆርጠውና ቁራጮቹ ጫፍ ለጫፍ በጥቂቱ እንዲደራረቡ ሳደርግ መልሱ ተስተካከለ። ይህ ምክር ብቻውን ኮርሱን ለመማር ያበቃል ብዬ አምናለሁ።

ቅሬታዬ ሁለት ነው። የመጀመሪያው፣ አዘጋጆቹ የላይብረሪዎቹን የቅጂ ቁጥር የያዘ ፋይል ከኮዱ ጋር አለማስቀመጣቸው ነው። የኦፕንኤአይ የፓይተን ላይብረሪ በኅዳር 2023 (እ.ኤ.አ.) በወጣው 1.0 ቅጂ የአጠራር ስልቱን ቀይሯል፤ በአሮጌው ስልት የተጻፉት የኮርሱ ምሳሌዎች አዲሱን በጫነ ሰው ኮምፒውተር ላይ አይሠሩም። እኔም ምክንያቱን እስካገኝ ድረስ አንድ ሙሉ ምሽት አባክኛለሁ።

ሁለተኛውና ክብደት የምሰጠው፣ የመተግበሪያውን ጥራት ስለመፈተሽ የተሰጠው ጥቂት ደቂቃ ብቻ መሆኑ ነው። በዚያችው ጊዜ ቴምፕሬቸር የተባለውን የሞዴሉን ቅንብር ዜሮ ማድረግ መልሱን ትክክለኛ እንደሚያደርገው በሚያስመስል አነጋገር ታልፏል፤ ዜሮ የቃላት ምርጫውን መለዋወጥ ይቀንሳል እንጂ ለእውነተኛነቱ ዋስትና አይሆንም። ስለዚህ ትክክለኛ መልሳቸውን የማውቃቸውን 20 ጥያቄዎች ራሴ አዘጋጅቼ፣ ኮዱን በለወጥኩ ቁጥር ሁሉንም የሚጠይቅና መልሶቹን ጎን ለጎን የሚያስቀምጥ አጭር ፕሮግራም ጻፍኩ። የባትሪውን መልስ ያስተካከለልኝ አቆራረጥ ቀድሞ በትክክል ይመለሱ የነበሩ ሌሎች ሦስት ጥያቄዎችን ማበላሸቱን ያየሁት በዚህ ነው።