ስም ያልተጻፈበት የገንዳ አሲድ እንዳትገዙ

መዋኛ ገንዳ ያላችሁ፣ ወይም የሰው ገንዳ የምትከታተሉ፣ እባካችሁ በጀሪካን ተቀድቶ የሚሸጥ አሲድ አትግዙ። እኔ ገዝቼ ሰው ልገድል ነበር።

ቢሾፍቱ ውስጥ የአንድ እንግዳ ማረፊያ ገንዳ እይዛለሁ። የምንጠቀመው ክሎሪን ካልሲየም ሃይፖክሎራይት ነው፤ እሱ ደግሞ የውሃውን ፒኤች (አሲድነቱ ሲቀንስ ከፍ የሚል መለኪያ) ቀስ በቀስ ከፍ ያደርጋል። 8 ካለፈ ክሎሪኑ አቅም ያጣል፣ ውሃውም ይደፈርሳል። ስለዚህ አሲድ እየጨመርን ከ7.2 እስከ 7.8 ባለው መሃል እንመልሰዋለን።

ባለፈው ወር አንድ ነጋዴ "ከዋናው የተቀዳ ሃይድሮክሎሪክ አሲድ ነው" ብሎ ባለ20 ሊትር ጀሪካን በግማሽ ዋጋ ሸጠልኝ። ጀሪካኑ ላይ ምንም አልተጻፈም። ክዳኑን ስፈታው ፉሽ አለ። የወጣው ሽታ የበረኪና ነው፤ ግን ጉሮሮ ይዘጋል። ጥለን ሮጥን። አብሮኝ የሚሠራው ልጅ ሳሉ አልቆም ብሎት ሐኪም ቤት ወሰድኩት።

ለካ ጀሪካኑ የበረኪና ነበር። ሳያጥቡ ነው አሲድ የሞሉበት። አሲድ ከበረኪናም ሆነ ከገንዳ ክሎሪን ጋር ሲገናኝ የክሎሪን ጋዝ ይወጣል። ይሄ ጋዝ ሳንባ ያቃጥላል፣ ይገድላልም።

ነጋዴው ብሬን አልመለሰም። "ገንዳ ከገባ ያው ነው" አለኝ። ያው አይደለም! ፋብሪካ ያሸገው ላይ ጥንካሬው ተጽፏል፤ ብዙ ጊዜ 31 በመቶ አካባቢ ነው። ስንት እንደምትጨምሩ የምታሰሉት በእሱ ነው። የማታውቁትን ከጨመራችሁ ወይ ገንዘባችሁ ይባክናል፣ ወይ ውሃው ቆዳና የፓምፕ ብረት ይበላል።

የታሸገውን ገዝታችሁም ጓንትና መነጽር አይቅር። ነፋሱን ከጀርባችሁ አድርጉ፣ ፓምፑ ይሥራ። በባልዲ የምታቀጥኑ ከሆነ መጀመሪያ ውሃው፣ ከዚያ አሲዱ። ቅደም ተከተሉ ከተገላበጠ ፈልቶ ፊት ላይ ይረጫል። በትንሽ በትንሹ ጨምሩ፣ ሰዓታት ጠብቃችሁ እንደገና ለኩ፤ እስከዚያ ማንም አይዋኝ። ክሎሪን በዚያው ሰዓት እንዳትጨምሩ። ዓይን ወይም ቆዳ ከነካ ቢያንስ 15 ደቂቃ በሚፈስ ውሃ አጥባችሁ ወደ ሐኪም ሩጡ።

እኛ ጋ አሲዱና ክሎሪኑ አንድ መጋዘን ውስጥ ጎን ለጎን ነበሩ። በማግስቱ ለየናቸው፤ ክሎሪኑ አሁን ለብቻው ደረቅ ክፍል አለው።