ንግግር የሌለው በግ፦ «ሾን ዘ ሺፕ» ለኤዲኤችዲ ልጆች

ኤዲኤችዲ (ትኩረት የመሰብሰብና ረግቶ የመቀመጥ ችግር) ላለበት ልጅ ፊልም ሲመረጥ መጀመሪያ ርዝመቱ ይታይ። እ.ኤ.አ. በ2007 የተጀመረው የእንግሊዙ አኒሜሽን ስቱዲዮ የአርድማን ተከታታይ፣ ሾን ስለተባለ በግ የሚተርከው «ሾን ዘ ሺፕ»፣ በዚህ በኩል በጣም ጥሩ ነው፤ አንዱ ክፍል 7 ደቂቃ ያህል ብቻ ሲሆን የተነሣው ችግር እዚያው ይፈታል። ንግግርም የለውም። ልጁ ለአፍታ ዞር ቢል የሚያመልጠው ቃል ስለሌለ ታሪኩን ቶሎ መልሶ ይይዛል። እንግሊዝኛ የማያውቁ አያትም አብረውት ይስቃሉ።

እ.ኤ.አ. በ2015 የወጣው የሾን ፊልም ግን 85 ደቂቃ ነው። በአንድ ጊዜ ቁጭ አድርጎ ማስጨረስ አይገባም። በየ20 ደቂቃው አቁሞ ልጁን ማዘለል፣ ውኃ ማጠጣት፣ ከመቀጠል በፊትም «በጎቹ አሁን የት ናቸው?» ብሎ መጠየቅ ይረዳል። በፊልሙ ውስጥ እንስሳትን የሚይዘው ክፉ ሰው በጎቹን የሚያሳድድባቸው ትዕይንቶች አንዳንዱን ልጅ ያስፈራሉና ወላጅ ቀድሞ ይያቸው።

ትልቁ ችግር የሚመጣው ከማጫወቻው ነው፦ ቀጣዩ ክፍል በራሱ ሲጀምር ልጁ ማቆሚያ ያጣል። ይህን ቀድሞ ማጥፋትና ከመክፈት በፊት «ሁለት ክፍል ብቻ» ብሎ መስማማት ያስፈልጋል። መውደቅና መጋጨት ስለሚበዛበት ልጆች ይኮርጁታል፤ ከመኝታ በፊት ሳይሆን ከሰዓት በኋላ፣ መሮጫ ቦታ ባለበት ይታይ።