መሰደድ ወይስ መቅረት? የሁለት የሃንጋሪ ተዋናዮች መንገድ

ለፊልም ተዋናይ አገር ቤት መቅረት ይሻላል ወይስ መሰደድ? ሁለት የሃንጋሪ ኮከቦችን እናስተያይ።

ካታሊን ካራዲ፦ የሄደችው
እ.ኤ.አ. በ1939 በመጀመሪያ ፊልሟ ታወቀች። በ1944 የናዚ ጀርመን ምስጢራዊ ፖሊስ ጌስታፖ አስሮ አሰቃያት። በጦርነቱ ጊዜ አይሁዶችን አድናለች፤ ለዚህም የእስራኤሉ የሆሎኮስት መታሰቢያ ተቋም ያድ ቫሼም በ2004 ክብር ሰጥቷታል። ከጦርነቱ በኋላ አዲሱ የኮሚኒስት ሥርዓት ገፋት፤ በ1951 ወጣች።
ያገኘችው፦ ነጻነት።
የከፈለችው፦ ሙያዋን። በብራዚል፣ ሳኦ ፓውሎ ባርኔጣ ሸጠች፤ በ1990 ኒው ዮርክ አረፈች። እኔን እስካሁን የሚያንገበግበኝ ይሄ ነው። ያ ጎርናና ድምፅ የሚያምረው በሃንጋሪኛ ነበር፤ ስደት ላይ ማን ይስማው?

ማሪ ቶሮቺክ፦ የቀረችው
በ1956 ገና ተማሪ ሳለች ፊልሟ በፈረንሳዩ የካን ፊልም ፌስቲቫል ላይ ታየ። በ1976 እዚያው በምርጥ ተዋናይነት ተሸለመች። እስከ እርጅናዋ ሠራች።
የከፈለችው፦ ስቱዲዮው የመንግሥት ነበር፤ ምን እንደሚቀረጽ የሚወስነውም እሱ ነበር።

ለማን የትኛው?
ሕይወት ወይም ነጻነት አደጋ ላይ ከወደቀ፣ ወይም ሚና ጨርሶ ከተነፈገ፣ መሄድ። ካራዲ ሌላ ምርጫ የነበራት አይመስለኝም።
ጎበዝ ዳይሬክተሮች ካሉና ትወናው በአፍ መፍቻ ቋንቋ ላይ የቆመ ከሆነ፣ መቅረት።