ራምቦን ፈልጌ ሙሉ ጄሪ ጎልድስሚዝ የጫነልኝ ልጅ (ባህር ዳር)

ጊዮርጊስ አካባቢ ፊልምና ሙዚቃ በፍላሽ የሚጭን ልጅ አለ፣ ሱቁን አልጠራም ምክንያቱም ግማሹ ወቀሳ ነው። የፈለኩት የራምቦን ሙዚቃ ብቻ ነበር። ልጅ ሆነን ቪዲዮ ቤት ስናይ የሁሉም ዓይን ጠመንጃው ላይ ነው፣ እኔ ግን ገና ሲጀምር ሰውየው ብቻውን ወደ ሐይቁ ዳር ሲወርድ የምትሰማዋ ጊታርና ትራምፔት ከጆሮዬ ወጥታ አታውቅም፣ ጣና ዳር ብቻዬን ስሄድ ራሱ ትመጣብኛለች። "የ1982ቱን፣ የመጀመሪያውን" ስለው "ለምን የሙዚቃ ደራሲውን የጄሪ ጎልድስሚዝን ሁሉንም አልጭንልህም?" አለና 60 ብር ተቀብሎ ፍላሼን ሞላው።

ቤት ገብቼ ስከፍተው ኦመን አለ፣ ሙላን አለ፣ ኤሊየን፣ ማሚ፣ ቻይናታውን፣ ፕላኔት ኦፍ ዘ ኤፕስ... የሌላ ሰው ቀላቅሎብኛል ብዬ ደወልኩ። "ኧረ ሁሉም የአንድ ሰው ነው ወንድሜ!" እውነቱን ነው። በፈረንጆቹ 1929 ሎስ አንጀለስ ተወልዶ 2004 የሞተ፣ ከአሜሪካው ሲቢኤስ ሬዲዮ የተነሳ ሰው ነው፣ 18 ጊዜ ለኦስካር ታጭቶ አንዴ ብቻ ነው የወሰደው፣ እሱንም በኦመን።

በጣም የገረመኝ የዝንጀሮዎቹ ፊልም ነው፣ ፕላኔት ኦፍ ዘ ኤፕስ፣ 1968። እንግዳ ዓለም ስለሆነ በኤሌክትሮኒክ ድምፅ ያደረገው መስሎኝ ነበር፣ ለካ የወጥ ቤት ብረት ጎድጓዳ ሳህን እያስመታ ቀንደ መለከት እያስነፋ ነው በኦርኬስትራ የሠራው። ቻይናታውንን ደግሞ የሌላ ሰው ሙዚቃ ተጥሎ ለሱ ተሰጠውና በ10 ቀን ጨረሰው፣ 4 ፒያኖ፣ 4 ሃርፕ፣ ክር መሣሪያዎች፣ 2 የምት መሣሪያ ተጫዋቾችና አንድ ብቸኛ ትራምፔት፣ በቃ።

ኦመንን ግን ቦታ መርጣችሁ ስሙት። እኔ በኪዳነ ምሕረት ለት ዘጌ በሚሄደው ጀልባ ላይ ኤርፎኔ ተነቅሎ ሳላውቀው በስልኩ ስፒከር ለቀኩት፣ የላቲን መዘምራን ነው እና አጠገቤ ነጠላ ያጣፉ እናት "የየት አገር መዝሙር ነው ልጄ? ደስ ሲል" አሉኝ። ግጥሙ ሰይጣንን የሚያወድስ ነው'ኮ! "የፈረንጅ ነው እማማ" ብዬ አጠፋሁት፣ ዑራ እስክንደርስ ቀና ብዬ አላየኋቸውም።

ወደ ወቀሳው። ስሞቹ ሁሉ ትራክ 01 ትራክ 02 ነው፣ የቱ የየትኛው ትዕይንት እንደሆነ መገመት ነው፣ ጥራቱም ወረድ ያለ ነው በጥሩ ስፒከር ይታወቃል። ቻይናታውን ደግሞ መሃል ላይ ይቆረጣል። በኤሊየን ግን ያለ ጥፋቱ ነው የተቆጣሁት፣ ፊልሙ ላይ የሰማሁት ፍላሹ ላይ የለም ብዬ ጮህኩበት፣ ኋላ ሳጣራ ዳይሬክተሩና ኤዲተሩ የጎልድስሚዝን አንዳንድ ቦታ አውጥተው ራሱ በ1962 ለፍሮይድ ፊልም የሠራውን ከተውበት ኖሯል፣ መጨረሻው ላይማ የሌላ ሰው ሲምፎኒ ነው የገባው። ይቅርታ ጠይቄዋለሁ።

ዋጋው አሪፍ ነው፣ ልጁም ሙዚቃ ያውቃል። ከመውጣታችሁ በፊት ግን እዛው ኮምፒውተሩ ላይ አስከፍታችሁ ስሙ፣ ፍላሽም የራሳችሁን ያዙ የሱ ውድ ነው። የተቆረጠችውን ቅዳሜ በነፃ ይጭንልኛል፣ ከጫነ።