ሐዋሳ የገባው የቀለም ሥዕል ሳጥን፦ ዘንጉ ያስገዛል፣ ወረቀቱ ያስከፋል

ሐዋሳ ውስጥ አንድ የጽሕፈት መሣሪያ መደብር «የጃፓን ቀለም ሥዕል» የሚል ሳጥን መሸጥ ጀምሯል። ውስጡ አንድ ደረቅ የቀለም ዘንግ፣ መፍጫ ድንጋይ፣ ሁለት ብሩሽ፣ አንድ ጠርሙስ ፈሳሽ ቀለም፣ 20 ቅጠል ወረቀትና ቀጭን መማሪያ አለ። ዋጋው ደህና ከሚባል የውሃ ቀለም ጋር ይቀራረባል።

ሳጥኑን የሚያስገዛው ዘንጉ ነው። ጥቀርሻ በእንስሳ ሙጫ ተለውሶ የደረቀ ነው፤ የብራና ጸሐፊዎቻችንም ጥቁር ቀለም መነሻው ጥቀርሻ ስለሆነ ነገሩ ለእኛ ባዳ አይደለም። ድንጋዩ ላይ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ውሃ ጠብ አድርጎ፣ ዘንጉን ቀጥ አድርጎ ይዞ፣ ሳይጫኑ ከ5 እስከ 10 ደቂቃ ማዞር ነው። የቸኮለ ሰው ይጫናል፤ ሲጫን ፍርፋሪ ይወጣና በውሃ በቀጠነው ግራጫ ቀለም ላይ እንደ አሸዋ ይበተናል። ዘንጉ ያለፈበት መንገድ ቶሎ ካልተከደነ ቀለሙ ደርሷል። የሐይቁን ውሃ መሞከር ግን አይበጅም፤ ጨው የበዛበት ውሃ ጥቀርሻውን ያቋጥረዋል። የታሸገ ወይም የዝናብ ውሃ ይሻላል። ሥራ ሲያበቃ ዘንጉ ተጠርጎ ጥላ ውስጥ ይቀመጥ። ድንጋዩ ላይ ቆሞ ካደረ ሙጫው ይይዘዋል፣ ፀሐይ ላይ ከተሰጣ ይሰነጠቃል።

የጠርሙሱን ቀለም ለልጆች መጫወቻ መስጠት ይቻላል። ሲቀጥን ሕይወት የለውም፤ ሥዕሉን ለማጠንከር ከጀርባው ሌላ ወረቀት ሲለጠፍበት ደግሞ ይለቃል።

ብሩሾቹ ደህና ናቸው። አዲስ ብሩሽ በስታርች ተገትሮ ስለሚመጣ ለብ ባለ ውሃ እስከ ሥሩ ይነከራል። የፈላ ውሃ የሥሩን ሙጫ ያቀልጥና ጸጉሩ ይመለጣል። ነጩ የፍየል ጸጉር ውሃ ብዙ ይይዛል፣ ከታጠፈ በኋላ ግን ቶሎ አይቃናም፤ ለጀማሪ እጅ ቡናማው ይቀላል።

ትልቁ ቅሬታ ወረቀቱ ላይ ነው። ሙጫና ሸብ የተቀባ ነው፤ ጠብታ ውሃ ቢጣልበት እንደ ዶቃ ይቆማል። እንዲህ ያለው ለቀጭን መስመርና ለደማቅ ቀለም ይሆናል። እርጥብ ብሩሽ ግን ቀለሙን ወረቀቱ ላይ አንጠልጥሎ ይተወዋል እንጂ አያሰርገውም፤ ዳሩም ተለይቶ ይደርቃል። ለልምምድ ከማተሚያ ቤት የሚተርፍ ያልታተመ የጋዜጣ ወረቀት ይበልጠዋል፤ ከሥሩ ቁራጭ ብርድ ልብስ ይነጠፍ። ቢጫ መሆኑ አይቀርም፣ ነገር ግን የእጅን ስሕተት አይደብቅም።

መማሪያው ሽፋኑ ላይ «የዜን ሥዕል» (ዜን የቡድሂዝም አንድ ዘርፍ ነው) ብሎ ይጀምርና ውስጡ ያለው ሁሉ ናንጋ የሚባለው የሥዕል ዓይነት ነው። ሁለቱ ይለያያሉ። የዜን መነኮሳት ቀለም ሥዕል፣ እነ ሴሹ (1420–1506 እ.ኤ.አ.) የሠሩት፣ ከናንጋ በብዙ ዘመን ይቀድማል። ናንጋ «የደቡብ ሥዕል» ማለት ሲሆን ቡንጂንጋ፣ «የሊቃውንት ሥዕል»ም ይባላል። ደቡብ የተባለውም አገር አይደለም፤ ቻይናዊው ዶንግ ቺቻንግ (1555–1636) ለራሳቸው የሚስሉትን ሊቃውንት «ደቡብ»፣ የሙያ ሠዓሊዎቹን «ሰሜን» ብሎ ስለከፈላቸው ነው። በ18ኛው ክፍለ ዘመን ጃፓናዊ ከአገሩ መውጣት ተከልክሎ ስለነበር፣ ትምህርቱ የመጣው በናጋሳኪ ወደብ ከሚገቡ መጻሕፍትና ሥዕሎች ነው። በቻይና በ1679 (እ.ኤ.አ.) የመጀመሪያ ክፍሉ የታተመው «የሰናፍጭ ዘር አትክልት» የተባለው የሥዕል መማሪያ ዋናው ነበር። በእንጨት የተቀረጸ ኅትመት መስመሩን በደንብ ያሳያል፣ የቀለሙን እርጥበት ግን አያሳይም፤ ጎደሎውን የሞሉት ጃፓናውያኑ ሠዓሊዎች ራሳቸው ናቸው። የናንጋ ሠዓሊዎቹ ኢኬ ኖ ታይጋና ዮሳ ቡሶን በ1771 (እ.ኤ.አ.) በአንድ የቻይና ባለቅኔ ግጥሞች ላይ አሥር አሥር ሥዕል ተካፍለው ሠርተዋል። ለራሳቸው ይስላሉ የተባሉት እነዚህ ሰዎች ሥዕል ሸጠው አዳሪ መሆናቸው ደግሞ ያስፈግጋል።

ያ አሮጌ መጽሐፍ ዛፍን ከቅርንጫፍ፣ ድንጋይን ከጭረት ጀምሮ ደረጃ በደረጃ ይገነባል። የሳጥኑ መማሪያ ያለቀለት ቀርከሃ አሳይቶ «ቅዳ» ይላል። ለቀርከሃ ግንድ ብሩሹ ቀጥ ብሎ ይቆማል፤ አንጓው ላይ ጫን፣ ሳብ፣ እንደገና ጫን፣ ከዚያ ማንሳት። በሁለት አንጓ መካከል ጠባብ ክፍተት ይተው፤ አንጓው የሚሰመረው በኋላ ነው። ተራራ ላይ «የቃጫ ጭረት» የሚባለው አለ። የእንሰት ቃጫ ተሰቅሎ ሲደርቅ ላየ የሲዳማ ሰው ማስረዳት አያስፈልግም፤ መስመሮቹ ረዣዥም፣ ልል፣ ጎን ለጎን የሚወርዱ ናቸው። የሐዋሳውን የታቦር ተራራ ለመሞከር ከጫፉ ወደ ታች፣ መጀመሪያ በቀጭኑ ግራጫ፣ ሳይደርቅ በጥቁሩ። መስመሮቹ ከተጠላለፉ ተራራው የተጎነጎነ ጸጉር ይመስላል።

መደብሩ ዘንጉን ለብቻው አይሸጥም፤ ዘንግ ያለቀበት ሰው ሳጥኑን ሙሉ መግዛት ግዴታው ነው። ድንጋዩ ግን ሳይበላ ይቆያል፣ በየቀኑ ከታጠበ። ያደረ ቀለም ሙቀት ላይ ይሸታል፣ በማግሥቱ የሚፈጨውንም ያቋጥረዋል።