ዙም ኤፍ 3 በማኅሌት ሌሊት፦ የስምንት ወር አጠቃቀም

የቤተ ክርስቲያን ዜማ ለሚቀዳ ሰው ትልቁ ፈተና የድምፁ መጠን መለዋወጥ ነው። ማኅሌቱ ሲጀመር መሪጌታው ዝግ ባለ ድምፅ ብቻቸውን ያዜማሉ፤ ያለ መሣሪያ የሚዜመው ቁም ዜማ በዝማሜ (በመቋሚያ እንቅስቃሴ) አልፎ ከበሮ የሚገባበት መረግድ ላይ ሲደርስ ግን ከበሮው ይመታል፣ ጽናጽሉ ይንሿሿል፣ ወረቡም በእልልታና በጭብጨባ ይደምቃል። ከዓመታት በፊት በነበረኝ ባለ24 ቢት መቅጃ ጌይኑን (የሚገባውን ድምፅ የሚያጎላውን ማስተካከያ) ለመሪጌታው ድምፅ አስተካክዬ ከተውሁት በኋላ የከበሮው ድምፅ ጫፍ ጫፉ ተቆርጦ የአንድ ሌሊት ድካሜ ከንቱ ቀርቷል።

የጃፓኑ ዙም ኩባንያ በ2022 እ.ኤ.አ. ያወጣውን ኤፍ 3 የተባለ ድምፅ መቅጃ ከጥምቀት እስከ መስቀል ተጠቅሜበታለሁ። መሣሪያው የጌይን ማስተካከያ ጭራሹን የለውም። በእያንዳንዱ የማይክ መግቢያ ላይ ድምፁን ወደ ዲጂታል የሚለውጡ ሁለት መቀየሪያዎች ጎን ለጎን የሚሠሩ ሲሆን፣ አንዱ ዝቅተኛውን ሌላው ከፍተኛውን ድምፅ ይዘው የሁለቱ ውጤት በ32 ቢት ፍሎት (እጅግ ሰፊ የድምፅ መጠን በሚይዝ የቁጥር አጻጻፍ) ፋይል ይጻፋል። በስሌት 24 ቢት 144 ዴሲቤል (የድምፅ መጠን መለኪያ) ያህል ሲይዝ ይህኛው ከ1500 በላይ ይይዛል፤ ያን ያህል ስፋት ያለው ማይክም ሆነ ድምፅ ስለሌለ ግን በዚህ ቁጥር ተማርኮ መግዛት አይገባም። እውነተኛው ትርፍ፣ ቀድሞ ሌሊቱን ሙሉ የድምፅ መለኪያውን ሲጠብቅ ያድር የነበረው ሐሳቤ አሁን ማይኩ የት ይቁም በሚለው ላይ ማረፉ ነው። ሊቃውንቱ በግራና በቀኝ ቆመው ስለሚቀባበሉም ሁለቱ መግቢያዎች በቅተውኛል።

ሐምሌ 19 ለገብርኤል በዓል የቀዳሁትን ሪፐር በተባለው የድምፅ ማረሚያ ፕሮግራም ላይ ስከፍተው የከበሮው ሞገድ ከላይኛው መስመር አልፎ ጠፍጣፋ መስሎ ታየኝና ደነገጥሁ። መጠኑን 12 ዴሲቤል ዝቅ ሳደርገው እያንዳንዱ ምት ከነሙሉ ቅርጹ ወጣ። የማኅሌቱን መጀመሪያ ደግሞ 20 ዴሲቤል ከፍ ሳደርገው የመሪጌታው ትንፋሽና መቋሚያው ወለሉን ሲነካ የሚያሰማው ድምፅ ሳይቀር ጥርት ብሎ ተሰማ። በዚያች ቅጽበት የተሰማኝን ደስታ እስካሁን አልረሳሁትም።

ሆኖም ማይኩ ራሱ ከአቅሙ በላይ ሲጮኽበት የሚያበላሸውን ድምፅ ኤፍ 3 አያድነውም፤ ስለዚህ ማይኩን ከከበሮው ማራቅ አሁንም ግድ ነው። 48 ቮልት ለሚፈልግ ማይክ ሁለቱ የድንጋይ ባትሪዎች ለሌሊቱ ሁሉ ስለማይበቁ ከፓወር ባንክ ጋር አገናኘዋለሁ። በ48 ኪሎኸርዝ የአንድ ሰዓት ስቴሪዮ ቅጂ 1.4 ጊጋባይት ያህል ይይዛል፤ በ24 ቢት ቢሆን ከ1 ጊጋባይት ብዙም አያልፍም ነበር።

አንድ ጊዜ ፋይሉን መጠኑን ሳልቀንስ ወደ 24 ቢት ቀይሬ ለወዳጄ ብልክለት፣ ከዜሮ (24 ቢት ከሚይዘው የመጨረሻ ከፍታ) በላይ የነበረው ጫፍ ሁሉ ተቆርጦ ደረሰው። ከዚያ ወዲህ ዋናውን ፋይል ሳልነካ አስቀምጬ፣ ቅጂውን አስቀድሜ ዝቅ ካደረግሁ በኋላ ነው የምቀይረው።