መሪዋ የዞረ ቪትዝ፦ ከአንድ በጋና ከአንድ ክረምት በኋላ

ጥቅምት ላይ የገዛኋት ቪትዝ እስከ ግንቦት ድረስ ይህ ነው የሚባል ነቀፌታ አልተገኘባትም ነበር። ሰኔ ገብቶ ዝናቡ የምር መውረድ ሲጀምር ግን በበጋው ጨርሶ ልብ ያላልኩት ጉድለት ዓይኔ ላይ ተደቀነ። የዝናብ መጥረጊያዎቹ መስታወቱን ጠርገው ጠርገው፣ እኔ ወደተቀመጥኩበት ወደ ግራው ጥግ ሲቃረቡ ይመለሳሉ። ከግራው ምሰሶ አጠገብ ከላይ ሰፍቶ ወደ ታች የሚጠብ ሦስት ማዕዘን ውሃ እንደለበሰ ይቀራል፤ ወደ ግራ ስታጠፍ እግረኛው የሚመጣው ደግሞ ልክ በዚያ በኩል ነው። በቀኝ በኩል፣ አብዛኛውን ጊዜ ማንም በማይቀመጥበት ወንበር ፊት፣ መስታወቱ እስከ ምሰሶው ድረስ ጥርት ይላል። ረጅሙ መጥረጊያ የተተከለው በዚያ በኩል ሲሆን ለሹፌሩ የደረሰው አጭሩ ነው።

ይህ የጃፓኑን ፋብሪካ የሚያስወቅስ አይደለም። ቶዮታ ቪትዝ የሚለውን ስም የሰጠው ለአገሩ ገበያ ሲሆን፣ በአውሮፓ ይህችው መኪና የምትሸጠው ያሪስ ተብላ ነው። ጃፓን ውስጥ መኪና የሚሄደው የመንገዱን ግራ ይዞ፣ መሪውም በቀኝ ሆኖ ስለሆነ፣ ቪትዝን የቀረጹት ሰዎች ረጅሙን መጥረጊያ በቀኝ የተከሉት ሹፌሩ እዚያ ስለሚቀመጥ ነው። እንግዲህ አዲስ አበባ ላይ ከኋላዋ ቪትዝ የሚል ጽሑፍ ያላት፣ መሪዋ ግን በግራ የሆነች መኪና ስታዩ፣ ጽሑፉ የራሷ እስከሆነ ድረስ፣ አንድ ቦታ ላይ አንድ ባለሙያ ዳሽቦርዷን ነቅሎ መሪዋንና ፔዳሎቿን ከቀኝ ወደ ግራ አሻግሯል ማለት ነው። የእኔዋ ዱባይ እንደዞረች ሻጩ ነግሮኛል፤ ያዞራት ሰው መሪውን ሲያሻግር ሹፌሩ ዝናብም እንደሚዘንብበት አላሰበም።

«ቪትዝና ያሪስ ያው አንድ ናቸው፤ የሚለያዩት በስም ብቻ ነው» የሚል ደላላ ያላጋጠመው ገዢ ያለ አይመስለኝም። ወንድሜ፣ አንድ ከሆኑ ያሪሷን ስትሸጥ «መሪዋ ኦሪጅናል ነው» እያልክ ዋጋ የምትጨምረው ለምንድን ነው? ሊብሬው ላይ ያለው የሻንሲ ቁጥር እኮ ከአንተ በፊት ይናገራል። ለጃፓን ገበያ የተሠራች የሁለተኛው ትውልድ ባለ 1.3 ሊትር ቪትዝ ቁጥሯ ኤስሲፒ90፣ ባለ 1 ሊትሯ ደግሞ ኬኤስፒ90 ብሎ ይጀምርና ከሰረዝ በኋላ ተከታታይ ቁጥር ይመጣል። ፈረንሳይ ውስጥ ቫለንሲየን በሚገኘው ፋብሪካ የተሠራች ያሪስ ግን 17 ፊደላትና አሃዞች ያሉት ቁጥር አላት፤ መነሻውም ቪኤንኬ ነው። የመጀመሪያዋ በቀኝ መሪ ተወልዳ ዞራለች፤ ሁለተኛዋን ግን ፋብሪካው ራሱ በግራ መሪም ይሠራታል።

የቪትዝ ትውልዶች ታሪክ ብዙ ጊዜ የሚተረከው በሞተርና በቅርጽ ለውጥ ነው። እኔ ግን ከክረምቱ ወዲህ የማየው የፍጥነት ሰዓቱ የት እንደተቀመጠ ነው። የመጀመሪያዋ ቪትዝ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በጥር 1999 (ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶችም በዚያው አቆጣጠር ናቸው) ስታርሌትን ተክታ ስትወጣ ርዝመቷ 3.61 ሜትር ብቻ ነበር። ቅርጿን ያወጣው ሶቲሪስ ኮቮስ የተባለ ግሪካዊ ነዳፊ ሲሆን፣ የጃፓንን የ1999–2000 የዓመቱ መኪና ሽልማት ከአውሮፓው የ2000 ሽልማት ጋር አጣምራ ወስዳለች። ዋናው ብልሃቷ ግን የፍጥነት ሰዓቱ ከሹፌሩ ፊት ተነሥቶ በዳሽቦርዱ መሐል፣ ወደ ውስጥ ጠለቅ ብሎ መቀመጡ ነው። ሹፌሩ ዓይኑን ከመንገዱ ብዙ ሳያርቅ ቁጥሩን ያነባል፤ ፋብሪካውም ለቀኝ መሪና ለግራ መሪ ሁለት የተለያየ ዳሽቦርድ ለመንደፍ የሚያወጣውን ድካም ይቀንሳል። ይህ ለፋብሪካው ያመጣው ምቾት ግን በኋላ መሪ ለሚያዞሩት ሰዎችም ሲሳይ ሆነላቸው። ሰዓቱ መሐል ላይ ካለ የሚሻገረው ነገር አንድ ይቀንሳል፤ መኪናዋም ከፋብሪካ እንደዚያው የወጣች ትመስላለች።

ሁለተኛው ትውልድ፣ ማለትም የእኔዋ፣ በየካቲት 2005 ወጣ። ርዝመቱ ወደ 3.75 ሜትር አደገ፤ በፊትና በኋላ ጎማ መካከል ያለው ርቀት በ9 ሴንቲ ሜትር ስለጨመረ ከኋላ የሚቀመጥ ሰው ጉልበት ማሳረፊያ አገኘ። ሰዓቱ መሐል ላይ ጸና፤ እንዲያውም ዳሽቦርዱ ግራና ቀኙ መንታ እስኪመስል ድረስ በሁለቱም ወገን የዕቃ ሳጥን ተበጀለት። ከመሪዬ ጀርባ ያለችውን ትንሽ ሳጥን ስከፍት ይህ ሁሉ እኩልነት ዓይኔን እንዴት እንዳታለለኝ ይገባኛል። መሪውም በቧንቧና በዘይት ሳይሆን በኤሌክትሪክ ሞተር የሚታገዝ ስለሆነ ለማሻገር አያስቸግርም። ባለ 1 ሊትሩ ሞተር ከአራት ሲሊንደር ወደ ሦስት የወረደው በዚሁ ትውልድ ነው፤ አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ 2,400 ሜትር ገደማ ላይ ስለሆነች አየሩ ስስ ነው፣ ስለዚህ ሽሮ ሜዳን ሰው ሞልቶ ለሚወጣ ሰው ባለ 1.3 ሊትሩን እመክራለሁ።

ደላሎች ስለዚህ ትውልድ ሲናገሩ በ2005 በአውሮፓው የግጭት ፍተሻ አምስት ኮከብ ማግኘቱን ማንሣት ይወዳሉ። እውነት ነው፤ የመጀመሪያው ትውልድ አራት ነበር ያገኘው። ነገር ግን ያንን ኮከብ ያገኘችው ከፋብሪካ እንደወጣች የተፈተነች ያሪስ ናት እንጂ በሞተሩና በጋቢናው መካከል ያለው ብረት ተቆርጦ የተበየደባት የእኔዋ አይደለችም። መካኒኬ የጋቢናውን ሳጥን ፈትቶ ያሳየኝን ላካፍላችሁ። የድሮው መሪ ዘንግ ያልፍበት የነበረው ክብ ቀዳዳ ላይ በመቀስ የተቆረጠ የሚመስል ቆርቆሮ ተደርቦ አራት ቦታ ብቻ ነጥብ ነጥብ ተበይዷል፤ የቀረው ዙሪያ በጥቁር ሲሊኮን ተሞልቷል። ሲሊኮኑ ላይ የሠራተኛው አውራ ጣት አሻራ እስከ መስመሩ ድረስ ቁልጭ ብሎ ይታያል፤ ሲጫነው ቸኩሎ እንደነበር ግልጽ ነው። ከዚያ በታች ምንጣፉ እርጥብ ነበር።

ሦስተኛው ትውልድ በታኅሣሥ 2010 ሲመጣ ሰዓቱ ከመሐል ተነሥቶ ወደ ሹፌሩ ፊት ተመለሰ፤ ርዝመቱም 3.885 ሜትር ደረሰ። ለኔ ዓይነቱ ሰው ከሁሉ የሚያሳስበው ግን ይህ ትውልድ የፊት መስታወቱን የሚጠርገው በአንድ መጥረጊያ ብቻ መሆኑ ነው። መሪዋ ሲዞር ሰዓቱም ሽቦውም አብሮ ይሻገራል፤ ያ ብቸኛ መጥረጊያ ግን ለቀኝ ሹፌር እንደተሠራ ከቀረ በግራ ያለው ሹፌር ምን እንደሚያይ ገዢው አስቀድሞ ይመልከተው። በጥር 2017 ሃይብሪድ ተጨመረበት። በየካቲት 2020 አራተኛው ትውልድ ሲወጣ ጃፓንም ውስጥ ቪትዝ የሚለው ስም ቀርቶ መኪናዋ ያሪስ ተባለች፤ በ2021 የአውሮፓን ሽልማት ደግማ ወስዳለች። እኛ ጋ ግን ስለ አራተኛው ትውልድ ማውራት የሰው ሠርግ እንደማውራት ነው። በ2020 የወጣው የኤክሳይዝ አዋጅ ባገለገሉ መኪኖች ላይ እንደ ዕድሜያቸው እስከ 500 በመቶ ጣለ፤ በ2024 መጀመሪያ ደግሞ በነዳጅ የሚሠሩ የቤት መኪኖች እንዳይገቡ ተከለከለ። አሁን ከቻይና የሚገቡት የኤሌክትሪክ መኪኖች ሌላው ሌላው እንዳለ ሆኖ መሪያቸው ከልደታቸው ጀምሮ በግራ ነው፤ በዚህ እቀናባቸዋለሁ።

ለምን ታዲያ ቪትዝ ገዛሁ? ለዚህ መልስ አለኝ። በቀድሞው አዋጅ እስከ 1,300 ሲሲ ያለ የቤት መኪና የሚከፍለው ኤክሳይዝ 30 በመቶ፣ ከዚያ በላይ እስከ 1,800 ሲሲ ያለው ደግሞ 60 በመቶ ነበር። የሁለተኛው ትውልድ ቪትዝ ባለ 1.3 ሊትር ሞተር 1,296 ሲሲ ነው፤ ከጣሪያው በአራት ሲሲ ዝቅ ብሎ አለፈ ማለት ነው። ከተማችን በቪትዝ የተሞላችው ከዚህም የተነሣ ነው፤ ስለተሞላችም ማንኛውም ሰፈር ያለ መካኒክ ዓይኑን ጨፍኖ ይፈታታል፣ መለዋወጫውም በየቦታው አለ። ሞተሯ በቀበቶ ፋንታ ሰንሰለት ያለው ስለሆነ በየጊዜው ቀበቶ ቀይሩ የሚል ጣጣ የለበትም። በገንዘቤ ልክ ከነበሩት መካከል ዛሬም ብመርጥ የምመርጠው ይችኑ ነው፤ ስለ ነዳጇ፣ ስለ ካምቢዮዋና ስለ ሞተሯ የማወራው የለኝም፣ አንድም ቀን መንገድ ላይ አላቆመችኝም።

ወደ መጥረጊያው ልመለስ። መጀመሪያ የቀረበልኝ መፍትሔ በአጭሩ ክንድ ላይ ረጅም ላስቲክ መግጠም ነበር። ተገጠመ፤ ሁለቱ መጥረጊያዎች መስታወቱ መሐል ላይ ተገናኝተው እንደ ሻሞላ ተጋጩና ወደነበረው ተመለስን። ትክክለኛው መፍትሔ ከመስታወቱ በታች ያለውን የፕላስቲክ ሽፋን ከነክንዶቹ፣ ከነማገናኛ ዘንጎቹ በግራ መሪ በተሠራ ያሪስ ዕቃ መለወጥ ነው። ሶማሌ ተራ ሄጄ ስጠይቅ ዕቃው ሞልቷል፤ ነገር ግን እያንዳንዱ ከጃፓን መኪና የተፈታና ለቀኝ ሹፌር የተሠራ ነው። ሻጩ ልጅ «ጋሼ፣ ሁሉም ሰው በዚሁ እየነዳ አይደል? እርስዎን ብቻ ምን አገኘዎት?» አለኝ። የሚያናድደው ነገር ልጁ ልክ መሆኑ ነው፤ በየመንገዱ ከጎኔ የሚቆሙት ቪትዞች ግራ ጥጋቸው ሁሉ ውሃ ለብሷል፣ ሹፌሮቻቸውም አንገታቸውን ወደ ቀኝ ሰበር አድርገው ነው የሚነዱት።

የፊት መብራቱ ግን ተስተካክሏል። ለጃፓን የተሠራ መብራት ብርሃኑን ከፍ የሚያደርገው ወደ ግራ ነው፤ በቀኝ በሚነዳ አገር ያ ማለት በቀጥታ ከፊት ለሚመጣው ሰው ዓይን ማለት ነው፣ በቀኝ ጠርዝ የሚሄደው እግረኛ ደግሞ ጨለማ ውስጥ ይቀራል። ማታ በደብረ ብርሃን መንገድ ስመጣ ከፊት ያለው ሁሉ መብራት እያብለጨለጨ ሲሰድበኝ፣ ረጅሙን አብርቼ እንደሆነ ብዬ መቆጣጠሪያውን ደጋግሜ አይ ነበር። የግራ መሪ ያሪስ መብራት ተፈልጎ ከተገጠመ በኋላ ስድቡ ቆመ። የፍሬቻው ነገር ደግሞ ልማድ ሆኖ ቀርቷል፤ ፍሬቻው በቀኝ፣ የመጥረጊያው መቆጣጠሪያ በግራ እጅ ስለሆነ መኪናዬን የተዋሰ ሰው ሁሉ መገናኛ አደባባይ ላይ በጠራራ ፀሐይ መስታወት ይጠርጋል።

እንግዲህ ፍርዴን በጥር ብትጠይቁኝ ኖሮ ቪትዝን ያልገዛ ሰው ገንዘቡን እንደበተነ እነግራችሁ ነበር። አሁን ነሐሴ ነው፤ የምላችሁ መኪናዋ ጥፋት የላትም፣ ያዞራት ሰው ግን በገንዘቤ ተጫውቷል የሚል ነው። ልትገዙ ከሆነ አንድ ሃይላንድ ውሃ ይዛችሁ ሂዱ፤ በሹፌሩ ወንበር ተቀምጣችሁ ጓደኛችሁ መስታወቱ ላይ ያፍስስ፣ መጥረጊያውን አስነሡና የቀረላችሁን ተመልከቱ። ከዚያ በጋቢናው በኩል ምንጣፉን ገልጣችሁ እጃችሁን ስደዱ። ማታም አንድ ግድግዳ ፊት አቁማችሁ መብራቱ የሚነሣው ወደ የትኛው ወገን እንደሆነ እዩ። ቀሪውን ዋጋ የምትነጋገሩት ከዚህ በኋላ ነው።

ያው ደላላ ባለፈው ሰሞን ደውሎ፣ ጥቂት ጭማሪ ከከፈልኩ የእኔዋን በ2012 ሞዴል ሦስተኛ ትውልድ ሊያለውጠኝ እንደሚችል ነገረኝ። «በጣም ንጹሕ ናት፣ እንደ ያሪስ ቁጠራት» አለኝ። የሻንሲ ቁጥሯን በስልክ እንዲልክልኝ ጠየቅሁት፤ እስካሁን አልላከልኝም።